“ጽዮናዊ” ሲሉ ማንን ማለታቸው ነው? የኮሚኒስት መንግሥታትን ፕሮፓጋንዳ እንዴት እናንብብ

የድሮ የሶቪየት መጽሐፍ እጃችሁ ገብቶ ያውቃል? ሞስኮ የነበረው ፕሮግሬስ ማተሚያ ቤት በደርግ ጊዜ በአማርኛም ያሳትም ስለነበር፣ አሮጌ መጻሕፍት በሚሸጥበት ሁሉ ዛሬም አይጠፋም። ፖስተሩና ካርቱኑ ደግሞ በቴሌግራም ይዞራል። ከዚህ ሁሉ መሀል “ጽዮናዊነትን”፣ ማለትም አይሁዶች በፍልስጤም ምድር የራሳቸው አገር ይኑራቸው የሚለውን እንቅስቃሴ፣ የሚያወግዝ ገጽ ሲወጣ ክርክሩ ወዲያው ይጦፋል። አንዱ “ይሄማ ስለ ፍልስጤም የተጻፈ ነው፣ ምን ነውር አለው?” ይላል። ሌላው “እስራኤልን የነካ ሁሉ አይሁድ ጠል ነው” ብሎ ነገሩን ይዘጋዋል። ሁለቱም ገጹን ቁጭ ብለው አላነበቡትም።

ይህን የጻፍኩት ቁጭ ብሎ ማንበብ ለሚፈልግ ሰው ነው። የምለው በአጭሩ ይሄ ነው፦ ቃሉ ላይ አትጣበቁ፣ ቃሉ የተለጠፈበትን ሰው ፈልጉ። ከታች ያለው ሁሉ ያንን ሰው እንዴት እንደምታገኙት ነው። ዓመተ ምሕረቱ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ስውር ቃል ለምን አስፈለገ?

በዛር ዘመን በአይሁድ ላይ የሚደርሰው ጭፍጨፋ የሩሲያ ትልቅ ነውር ነበር። ቦልሸቪኮች ሥልጣን ሲይዙ ይህን በይፋ አወገዙ። በ1918 ፀረ አይሁድ ዘመቻን የሚቃወም የመንግሥት ውሳኔ ወጣ፣ በ1919 ደግሞ ሌኒን ራሱ አይሁድን ማጥቃት የሚያወግዝ ንግግር በሸክላ አስቀረጸ። ስለዚህ የሶቪየት መንግሥት “እኛ ጋ የዘር ጥላቻ ጠፍቷል” እያለ የሚኖር መንግሥት ነበር። እንዲህ ያለ መንግሥት አይሁድን መምታት ሲያምረው “አይሁድ ጠላታችን ነው” ብሎ መጻፍ አይችልም። ሌላ ስም ያስፈልገዋል። በ1949 “ሥር የለሽ ኮስሞፖሊታን” (አገር የለሽ ለማለት) ሆነ። ከዚያ “የአይሁድ ቡርዥዋ ብሔርተኛ” መጣ። ረጅም ዕድሜ ያገኘው ግን “ጽዮናዊ” ነው።

ታፔላ እንዴት እንደሚለጠፍ ለእኛ መንገር አያስፈልግም። “አድኃሪ”፣ “አናርኪስት”፣ “ፀረ-ሕዝብ” ሲባል የሰማ ሰው፣ ቃሉ ከትርጉሙ ይልቅ ለምን ሥራ እንደሚውል ያውቃል።

አንድ ነገር ግን አስቀድሞ ይለይ። ጽዮናዊነትን መቃወም ብቻውን አይሁድን መጥላት አይደለም። በ1897 ቪልና ላይ የተመሠረተው ቡንድ የሚባለው የአይሁድ ሶሻሊስት ፓርቲ ጽዮናዊነትን አጥብቆ ይቃወም ነበር። “አገራችን የምንኖርበት ነው፣ ትግላችንም እዚሁ ነው” የሚል አቋም ነበራቸው። በሃይማኖት ምክንያት የሚቃወሙም አይሁዶች ነበሩ፣ አሁንም አሉ። ስታሊን ችግሩ በእርግጥ ጽዮናዊነት ቢሆን ኖሮ ቡንዶች ወዳጆቹ በሆኑ ነበር። የሆነው ሌላ ነው። የፖላንድ ቡንድ መሪዎች የነበሩት ሄንሪክ ኤርሊክና ቪክቶር አልተር ከናዚ ሸሽተው ሶቪየት እጅ ገቡ፣ ታሰሩ። ኤርሊክ በ1942 እስር ቤት ውስጥ ራሱን ሰቀለ፣ አልተር በ1943 ተረሸነ። ይህን ታሪክ አስታውሱት፣ ኋላ ይጠቅማችኋል።

መጀመሪያ ቀኑን እዩ

ጽሑፉን ከማንበባችሁ በፊት መቼ ነው የታተመው በሉ። ዓመቱ ብቻ አይበቃም፣ ከተቻለ ወሩንና ቀኑን።

ምክንያቱ ይሄ ነው። ግንቦት 1947 ላይ የሶቪየቱ አንድሬ ግሮሚኮ በተባበሩት መንግሥታት መድረክ ቆሞ አይሁዶች አገር ሊኖራቸው እንደሚገባ ተከራከረ። ኅዳር ላይ ሞስኮ ፍልስጤም እንድትከፈል ድምፅ ሰጠች። እስራኤል በታወጀች በሦስተኛው ቀን፣ ግንቦት 17 ቀን 1948፣ እውቅና ሰጠች። ቼኮዝሎቫኪያም በሞስኮ ይሁንታ ጠመንጃና አውሮፕላን ለእስራኤል ሸጠች። ይህ ሁሉ በስታሊን ዘመን ነው።

በዚያው በ1948፣ ጥር ላይ፣ ሰሎሞን ሚኾኤልስ ሚንስክ ከተማ ውስጥ ተገደለ። በይዲሽ፣ በምሥራቅ አውሮፓ አይሁዶች ቋንቋ፣ የሚሠራ ቴአትር ታላቅ ተዋናይ ነው። በጦርነቱ ጊዜ መንግሥት ራሱ ያቋቋመውን የአይሁድ ፀረ-ፋሺስት ኮሚቴ ይመራ ነበር። የመንግሥት ደህንነት ሰዎች ገደሉትና የመኪና አደጋ አስመሰሉት። ሞስኮ ውስጥም በክብር ቀበሩት። በመጸው ጎልዳ ሜየር የእስራኤል መልእክተኛ ሆና ሞስኮ ስትገባና ምኩራብ ስትሄድ በሺዎች የሚቆጠር አይሁድ ወጥቶ ተቀበላት። ኅዳር ላይ ኮሚቴው ተዘጋ። አባላቱ ታሰሩ፣ ነሐሴ 12 ቀን 1952 ሉቢያንካ እስር ቤት ውስጥ 13 ሰዎች ተረሸኑ። ፔሬትዝ ማርኪሽና ዳቪድ በርገልሰንን የመሰሉ የይዲሽ ጸሐፊዎች ነበሩበት።

እንግዲህ ውጭ አገር እስራኤልን እየደገፈ አገር ውስጥ አይሁዱን ይገድላል። ስለዚህ አንድ ጽሑፍ ስታነቡ “መንግሥቱ በዚያ ሳምንት የፈራው ማንን ነበር?” ብላችሁ ጠይቁ። ብዙ ጊዜ መልሱ ቴል አቪቭ ውስጥ የለም። እዚያው የራሱ ከተማ ውስጥ ነው።

ሰውየውን ፈልጉ

ዋናው ይሄ ነው፣ ስለዚህ ረዘም ላድርገው።

ጽሑፉ “ጽዮናዊ” ብሎ በስም የጠራውን ሰው ያዙ። ከዚያ ሕይወቱን ፈትሹ። ይህ ሰው የጽዮናውያን ድርጅት አባል ነበር? ገንዘብ አዋጥቷል? ወደ እስራኤል መሄድ ፈልጓል? አንዱንም ካላደረገ፣ ቃሉ ሌላ ነገር እየተናገረ ነው።

ሩዶልፍ ስላንስኪን እንውሰድ። የቼኮዝሎቫኪያ ኮሚኒስት ፓርቲ ዋና ጸሐፊ ነበር። ዕድሜ ልኩን ኮሚኒስት የነበረ፣ ጽዮናዊነትንም እንደ ማንኛውም የመስመሩ ሰው የሚቃወም፣ ሌሎች ሰዎችን በማሳሰር በኩልም እጁ ያለበት ሰው ነው። ንጹሕ መልአክ አድርጌ ላቀርበው አልፈልግም። ግን ጽዮናዊ? በፍጹም። ያም ሆኖ ከኅዳር 20 እስከ 27 ቀን 1952 ፕራግ ላይ ከሌሎች 13 ሰዎች ጋር ለፍርድ ቀረበ። ክሱ ከስታሊን ጋር የተጣሉት የኮሚኒስቶቹ የትሮትስኪና የቲቶ፣ እንዲሁም የጽዮናዊነት ሴረኛ ናችሁ የሚል ነው። ችሎቱ በሬዲዮ ይተላለፍ ነበር። ተከሳሾቹ መልሳቸውን በቃላቸው እንዲያጠኑ ተደርገው ነው የገቡት።

የክሱን ወረቀት ጠጋ ብላችሁ እዩት። የእያንዳንዱ ሰው ስም ይጻፋል፣ የተወለደበት ዓመት ይጻፋል፣ ከዚያ “የአይሁድ ዝርያ” የሚል ይከተላል። ከ14ቱ 11ዱ ላይ አለ። በሦስቱ ላይ ደግሞ “ቼክ” ወይም “ስሎቫክ” ይላል። ተመልከቱ፣ ሁሉም ኮሚኒስት ነው፣ ሁሉም የዚያው አገር ዜጋ ነው። የፖለቲካ ክስ ከሆነ አያት ቅድመ አያት ምን አገባው? ያቺ አንዲት ሐረግ ሙሉውን የክስ ሰነድ ትገልጠዋለች። ታህሣሥ 3 ቀን 11ዱ ተሰቀሉ፣ ሦስቱ ዕድሜ ልክ ተፈረደባቸው። የሟቾቹን አስከሬን አቃጥለው አመዱን ከፕራግ ውጭ መንገድ ላይ በተኑት።

የሚገርመው ከእስራኤል ጋር የነበረው ንግድ ሳይቀር ከክሱ ውስጥ መግባቱ ነው። መሣሪያውን የሸጠው መንግሥቱ፣ ያዘዘው ፓርቲው ሆኖ ሳለ።

በዚያው ችሎት ሞርዴካይ ኦረን የሚባል እስራኤላዊ ምስክር ሆኖ እንዲቀርብ ተገዷል። እሱ በርግጥ ጽዮናዊ ነው፣ ግን ደግሞ ሶቪየት ኅብረትን የሚወድ የግራ ፓርቲ ሰው ነበር። ወዳጅነቱ አላዳነውም።

ቅንፉን እዩ

ጥር 28 ቀን 1949 የሶቪየት ኮሚኒስት ፓርቲ ጋዜጣ ፕራቭዳ “ፀረ-አገር” ናቸው ባላቸው የቴአትር ሐያስያን ላይ ረጅም ጽሑፍ አወጣ። ከጽሑፉ ውስጥ አይሁድ የሚል ቃል ብትፈልጉ አታገኙም። ስማቸውን ግን አንብቡ፤ አብዛኛው የአይሁድ ስም ነው። በቀጣዮቹ ሳምንታት ሌሎች ጋዜጦች የብዕር ስም ያላቸውን ሰዎች እየፈለጉ እውነተኛ ስማቸውን በቅንፍ ማውጣት ጀመሩ። ያኮቭሌቭ (ሆልትስማን)። ሜልኒኮቭ (ሜልማን)። ኾሎዶቭ (ሜየሮቪች)።

ቅንፉ ለአንባቢው የሚለው ግልጽ ነው፦ ይህ ሰው ሩሲያዊ መስሏችሁ ነበር፣ አይደለም። ሌኒንም ስታሊንም በብዕር ስም የታወቁ ሰዎች ናቸው፣ የእነሱን እውነተኛ ስም ለማጋለጥ ብሎ በቅንፍ የጻፈ ጋዜጣ ግን አልነበረም።

በየትኛውም አገር ጽሑፍ ላይ ይህን ተጠቀሙበት። የድሮ ስም፣ የአባት ስም፣ የእናት ዘር፣ “ዘመዶቹ ውጭ አገር ናቸው” የሚል ጥቆማ፣ ከተባለው ወንጀል ጋር ምንም የማይያያዝ ሆኖ ከተገኘ አስምሩበት። ፖላንድ ውስጥ በመጋቢት 1968 ጋዜጦች ተቃዋሚ ተማሪዎችን ስም በስም ሲዘረዝሩ የአይሁድ የሚመስለውን ስም መርጠው ነበር። የወላጆቻቸውን ሹመትም ጨምረው።

ክሱ ስንት ዓመቱ ነው?

ቀጥሎ ወንጀሉን እዩ። ጽሑፉ የአንድን መንግሥት ድርጊት ነው የሚከስሰው ወይስ በየቦታው ተሰግስጎ ዓለምን የሚዘውር ስውር እጅ ነው የሚያወራው? የመጀመሪያው ሊመረመር የሚችል ነገር ነው። ሁለተኛው የቆየ ተረት ነው። በ14ኛው ክፍለ ዘመን ወረርሽኝ አውሮፓን ሲጨርስ አይሁድ የውኃ ጉድጓድ መረዙ ተብሎ ስንቱ አልቋል።

አሁን ጥር 13 ቀን 1953 የወጣውን ፕራቭዳ አንብቡ። ታላላቅ ሐኪሞች ተያዙ ይላል። ዘጠኝ ስም ይጠራል፣ ስድስቱ አይሁድ ናቸው። የተከሰሱት የመንግሥት መሪዎችን ሆን ብለው በተሳሳተ ሕክምና ገድለዋል ተብለው ነው። አብዛኞቹ “ጆይንት” ከሚባል፣ የአሜሪካ ስለላ ካቋቋመው የአይሁድ ቡርዥዋ ብሔርተኛ ድርጅት ትእዛዝ ይቀበላሉ ይላል። በመርዝ ፈንታ መድኃኒት፣ በጉድጓድ ፈንታ የክሬምሊን ሆስፒታል ገባ እንጂ ታሪኩ ያው ነው።

ጆይንት ደግሞ ምን እንደሆነ እንወቅ። በ1914 የተቋቋመ የእርዳታ ድርጅት ነው። በ1920ዎቹ ከዚያው ከሶቪየት መንግሥት ጋር ተፈራርሞ በክራይሚያና በዩክሬን አይሁድ ገበሬዎችን ሲያቋቁም ነበር። የእኛም ሰዎች ያውቁታል፣ በቤተ እስራኤል ጉዳይ በኢትዮጵያ ውስጥ ሠርቷልና። ክሱ ላይ የተጠቀሰ ድርጅት ስታገኙ እንዲህ አጣሩ። ከሳሹ ራሱ ድሮ አብሮት ሠርቶ የሚገኝበት ጊዜ ብዙ ነው።

እዚያው ጽሑፍ ላይ “የታወቀው የአይሁድ ቡርዥዋ ብሔርተኛ ሚኾኤልስ” የሚል ታገኛላችሁ። ከአምስት ዓመት በፊት በክብር የቀበሩት ተዋናይ ማለት ነው። ልክ በአምስተኛ ዓመቱ ሙቱን ሴረኛ አደረጉት።

ሥዕሉን ለብቻው እዩ

ካርቱን ሲኖር መጀመሪያ ጽሑፉን በእጃችሁ ሸፍኑና ሥዕሉን ብቻ እዩ። አንድን የጦር መሪ ወይም ጠቅላይ ሚኒስትር ነው የሚያሳየው? ወይስ ቆልማማ አፍንጫ፣ ወፍራም ከንፈር፣ ጥፍረ ረጅም፣ ገንዘብ የታቀፈ ፍጡር ነው? ዓለምን በድሩ የያዘ ሸረሪት ነው? እንዲህ ያለውን ሥዕል ናዚዎችም ስለውታል። ስሙን “ጽዮናዊ” ስላሉት መልኩ አልተለወጠም።

ለዚህ የሚሆነው ትልቁ ምሳሌ ትሮፊም ኪችኮ የጻፈው መጽሐፍ ነው። በ1963 ኪዬቭ ውስጥ ወጣ፣ ያሳተመው ተራ ማተሚያ ቤት ሳይሆን የዩክሬን የሳይንስ አካዳሚ ነው። ስለ አይሁድ ሃይማኖት “ሳይንሳዊ” ትችት ነኝ ይላል። ሥዕሎቹ ግን ከላይ ያልኳቸው ናቸው። ውጭ አገር ሲታይ የምዕራብ አውሮፓ ኮሚኒስት ፓርቲዎች ራሳቸው አፍረው ጮኹ። በ1964 የፓርቲው የርዕዮተ ዓለም ኮሚሽን መጽሐፉን ለመንቀፍ ተገደደ። ጉዳዩ በዚህ አለቀ ብላችሁ እንዳታስቡ። የ1967ቱ የእስራኤልና የዓረቦች ጦርነት ካለፈ በኋላ፣ በ1968፣ ኪችኮ እንደገና መጽሐፍ አወጣ። በዚህኛው ርዕስ ላይ “ጽዮናዊነት” የሚለው ቃል ገብቷል። ያው ሰው፣ ያው ሐሳብ ነው። ቃሉን ሲለውጥ የሚቆጣው ጠፋ።

ፍትሐዊ ለመሆን ግን ይህንንም እወቁ። በሶቪየት ጋዜጣ ስለ እስራኤል የወጣ ሁሉ እንዲህ አይደለም። በ1948 በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ ፍልስጤማውያን ከቤታቸው ተፈናቅለዋል። ከ1967 በኋላም ዌስት ባንክና ጋዛ በወታደር ቁጥጥር ሥር ወድቀዋል። ይህ የሆነ ነገር ነው፣ ዘገባው ይህን ከዘገበ ዘገባ ነው። አንባቢ ሁሉን አንድ ላይ ጠቅልሎ ቢጥለው እውነተኛውን የሰው በደል ከውሸቱ ጋር አብሮ ይጥላል። የፍልስጤማውያን ስቃይ ሞስኮ ውስጥ አንድን የጥርስ ሐኪም ከሥራ ለማባረር ሰበብ ሲሆን ግን፣ እነሱንም መጠቀሚያ ማድረግ ነው።

አውጋዡ ራሱ አይሁድ ሲሆን

ይህ ብዙ ሰው ያሳስታል። “ይኸው፣ አይሁዱ ራሱ ፈርሞበታል” ይላሉ። መጋቢት 4 ቀን 1970 ሞስኮ ውስጥ ታዋቂ አይሁዶች፣ ጄኔራሉም አርቲስቱም፣ ጋዜጠኛ ፊት ተሰልፈው እስራኤልን እንዲያወግዙ ተደረገ። በ1983 ደግሞ “የሶቪየት ሕዝብ ፀረ-ጽዮናዊነት ኮሚቴ” ተቋቋመ፣ ሊቀ መንበሩ ጄኔራል ዳቪድ ድራጉንስኪ። ሁለት ጊዜ የሶቪየት ኅብረት ጀግና የተባለ አይሁድ ወታደር ነው።

እዚህ ላይ መጠየቅ ያለበት ሰውየው አይሁድ መሆን አለመሆኑ አይደለም። እምቢ ማለት ይችል ነበር ወይ ነው። ቡንዱ ቪልና ላይ ጽዮናዊነትን ሲቃወም ማንም አላስገደደውም፤ የጽዮናውያን ጋዜጣም መልስ ይሰጠው ነበር። ሞስኮ ውስጥ መልስ የሚሰጥ ጋዜጣ አልነበረም። ኮሚቴው ራሱ ገና በተቋቋመ በወራት ውስጥ መሄድ የሚፈልግ አይሁድ በአብዛኛው ሄዶ አልቋል ብሎ መግለጫ ሰጠ። ቁጥሩን ተመልከቱ፦ በ1979 ከ51,000 በላይ አይሁዶች ከሶቪየት ኅብረት ወጥተዋል፣ በ1983 ወደ 1,300 ብቻ። ሰው መሄድ ስላልፈለገ አልነበረም። ቪዛ ጠይቀው የተከለከሉ፣ በዚህም ምክንያት ሥራቸውን ያጡ ሰዎች በየከተማው ነበሩ። ከእነዚህ አንዱ የሆነው ናታን ሻራንስኪ በ1978 የ13 ዓመት ፍርድ ተፈርዶበት እስር ላይ ነበር።

ያልተባለውን ፈልጉ

ከ1967 በኋላ የወጡ ብዙ ጽሑፎች ጽዮናዊነትን ከናዚ ጋር ያመሳስላሉ። ይህን ስታገኙ፣ ያው መንግሥት ስለ ናዚ ሰለባዎች ምን ይል እንደነበር አብራችሁ እዩ። ኪዬቭ አጠገብ ባቢ ያር በሚባል ገደል መስከረም 29 እና 30 ቀን 1941 ጀርመኖች 33,771 አይሁዶችን በሁለት ቀን ረሸኑ። ቁጥሩ የገዳዮቹ የራሳቸው ሪፖርት ነው። ሶቪየት እዚያ ትልቅ ሐውልት ያቆመው በ1976 ነው። ጽሑፉ “የኪዬቭ ዜጎችና የጦር ምርኮኞች” ይላል። አይሁድ የሚል የለበትም። ሲከሰስ ዘሩ በቅንፍ ይጻፍለታል፣ ሲገደል ዘሩ ይሠረዛል። እኔን በጣም የሚያሳዝነኝ ይሄኛው ነው።

ከጽሑፉ በኋላ ሰው ምን ሆነ?

ፕሮፓጋንዳ ወረቀት ላይ አይቀርም። ስለዚህ ከታተመበት ቀን ተነስታችሁ ቀጣዩን አንድ ዓመት ተከታተሉ።

ፖላንድ ለዚህ ምቹ ናት። ሰኔ 19 ቀን 1967፣ የስድስቱ ቀን ጦርነት ባለቀ በሳምንቱ ገደማ፣ የፓርቲው መሪ ጎሙውካ በሠራተኛ ማኅበራት ጉባኤ ላይ ስለ “አምስተኛ ረድፍ”፣ ማለትም አገር ውስጥ ሆኖ ለጠላት ስለሚሠራ ቡድን፣ ተናገረ። በመጋቢት 1968 አንድ የታወቀ የፖላንድ ተውኔት መታገዱን ተከትሎ የዋርሶ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ተነሱ። የጠየቁት ነፃነት ነው። ጥያቄያቸው ስለ እስራኤል አልነበረም። መንግሥት ግን ፋብሪካ በፋብሪካ ስብሰባ ጠርቶ “ፓርቲውን ከጽዮናውያን አጽዱ” የሚል መፈክር አስያዘ። “ጽዮናውያን ወደ ሲያም” የሚል የያዘም ነበር ይባላል። ሲያም ማለት ታይላንድ ናት። ሠራተኛው ቃሉን ከነጭራሹ አያውቀውም፣ ማን መባረር እንዳለበት ግን ገብቶታል።

ከዚያ ፕሮፌሰሩም፣ ጋዜጠኛውም፣ መኮንኑም ከሥራ ተባረረ። በ1968ና በቀጣዮቹ ጥቂት ዓመታት ወደ 13,000 ሰዎች አገር ለቀቁ። ለመውጣት ዜግነታቸውን መተው ነበረባቸው። የተሰጣቸው ወረቀት ላይ “የዚህ ሰነድ ባለቤት የፖላንድ ዜጋ አይደለም” ተብሎ ተጽፏል። የሚሄዱበት አገር እስራኤል ነው ብለው መሙላትም ግድ ነበር። ወጥመዱ ይታያችኋል? መጀመሪያ ጽዮናዊ ነህ ይለዋል፣ ከዚያ እስራኤል እሄዳለሁ ብለህ ካልፈረምክ አትወጣም ይለዋል፣ ሲፈርም ደግሞ “አላልኳችሁም?” ይላል። ብዙዎቹ ግን ወደ ስዊድን፣ ወደ ዴንማርክና ወደ አሜሪካ ነው የሄዱት።

ወደ እኛ ስንመጣ

ኢትዮጵያ ከእስራኤል ጋር የነበራትን ግንኙነት ያቋረጠችው በ1973፣ ገና በንጉሡ ጊዜ ነው። በ1975 የተባበሩት መንግሥታት “ጽዮናዊነት ዘረኝነት ነው” የሚለውን ውሳኔ በ72 ድጋፍ፣ በ35 ተቃውሞና በ32 ድምፀ ተአቅቦ ሲያጸድቅ ሞስኮ ደገፈች። ኢትዮጵያ ድምፀ ተአቅቦ ካደረጉት አንዷ ነበረች። ደርግ ከዚያ በኋላ ወደ ሞስኮ ጠቅልሎ ሲገባ መፈክሩም አብሮ ገባ።

እዚህ ላይም ቃሉንና ድርጊቱን ጎን ለጎን አስቀምጡ። የካቲት 1978 ላይ የእስራኤሉ ውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ሞሼ ዳያን አገሩ ለኢትዮጵያ መሣሪያ እየሰጠች መሆኗን በአደባባይ ተናገረ። ማለትም አዲስ አበባ “ኢምፔሪያሊዝም ይውደም” እየተባለ፣ ጦር ሜዳ ላይ የእስራኤል መሣሪያ ነበር። በዚያው ዘመን ጎንደር ውስጥ ሻለቃ መላኩ ተፈራ ያስተዳድር ነበር። የጎንደር እናቶች እስከ ዛሬ በለቅሶ ግጥም ያነሱታል። በእሱ ጊዜ የቤተ እስራኤል ሽማግሌዎችና የዕብራይስጥ መምህራን ከእስራኤል ጋር ትገናኛላችሁ ተብለው ታሰሩ፣ ተገረፉ። በመንደሮቹ ትምህርት ቤትና ክሊኒክ ያቆመው ኦርት የተባለው ድርጅት በ1981 ተዘጋ።

የጎንደሩን ከፕራጉ ጋር አንድ ነው አልልም። ጎንደር ውስጥ ብዙዎቹ በእውነት ኢየሩሳሌም መሄድ ይፈልጉ ነበር፣ አባቶቻቸው ሲጸልዩበት የኖሩት ነው። ደርግም ያሠቃየው እነሱን ብቻ አይደለም። ግን መመዘኛው እዚህም ይሠራል፦ መንግሥት ለራሱ ሲሆን ከእስራኤል መሣሪያ ይቀበላል፣ አንድ የገጠር መምህር የዕብራይስጥ ፊደል ሲያስተምር ወንጀል ይሆናል። እስራኤል ውስጥ ያላችሁ አንባቢዎች ከቤታችሁ ትልልቅ ሰዎች መሀል በዚያ ምክንያት የታሰረ ካለ ጠይቁ፣ ቀኑንና የተባለውን ክስ ጻፉት። የጋዜጣውን ገጽ ከሰው ቃል ጋር ማስተያየት የሚቻለው እነሱ እያሉ ነው።

ማስተባበያውን ፈልጋችሁ አጠገቡ አስቀምጡ

የመጨረሻው ሥራ ይሄ ነው፣ ብዙ ሰው ይዘለዋል። እንዲህ ያለ ክስ ብዙ ጊዜ ኋላ በራሱ በከሳሹ ይሻራል። የሚሻረው ግን በትንንሽ ፊደል ነው።

ስታሊን መጋቢት 5 ቀን 1953 ሞተ። ሚያዝያ 4 ቀን ፕራቭዳ ሐኪሞቹ ንጹሐን መሆናቸውን፣ ቃላቸውን የሰጡትም በተከለከለ የምርመራ ዘዴ መሆኑን አወጣ። ሐኪሞቹን አጋልጣለች ተብላ የሌኒን ኒሻን የተሸለመችው ሊዲያ ቲማሹክም ኒሻኗ ተሻረ። መግለጫውን ስታነቡት አይሁድ የሚል ቃል የለበትም። ከሁለት ቀን በኋላ በወጣው ርዕሰ አንቀጽ ላይ “በሕዝቦች መካከል ጥላቻ ለመቀስቀስ” ተሞክሮ እንደነበር ይናገራል፣ ሚኾኤልስም ስሙ በሐሰት እንደጠፋ ይጽፋል። የገደለው መንግሥት መሆኑን ግን አይናገርም። ስላንስኪና አብረውት የተሰቀሉት በ1963 ከወንጀሉ ነፃ ተባሉ። የተባበሩት መንግሥታት ውሳኔ ታህሣሥ 16 ቀን 1991 ተሻረ፣ ሶቪየት ኅብረት ልትፈርስ ቀናት ሲቀሯት።

ስለዚህ በቴሌግራም የክሱን ገጽ ለላከላችሁ ሰው የማስተባበያውን ገጽ መልሳችሁ ላኩለት፣ ከነቀኑ። ከሁለቱ ገጾች በአንዱ ላይ ያለውን ስም በሌላኛው ላይ ፈልጉ። በክሱ ላይ ተጠርቶ በማስተባበያው ላይ የጠፋ ስም ካገኛችሁ፣ ከዚያ ስም ጀምሩና ሰውየው የት እንደደረሰ ተከታተሉ።